የማህደር ኮንሰርት አልበም ምንድን ነው? «ጊታሩን ከፍ አድርጉት» ለሚሉ

«ሪማስተር ተደርጓል ብለው ሸጡልኝ፤ ጊታሩን ግን እንደተቀበረ ትተውታል። ስንፍና ነው።» እንዲህ ያለው ሰው የአሜሪካዊውን የሮክ ባንድ የግሬትፉል ዴድን አንድ የማህደር ኮንሰርት አልበም ሰምቶ ነው። ይህን ቅሬታ በስንት አፍ እንደሰማሁት ቆጥሬ አላውቅም፤ የአሁኑ ግን አስመረረኝ።

ትርጉሙ አጭር ነው። ባንዱ መድረክ ላይ ሲጫወት የተቀዳና በጊዜው ሳይወጣ መጋዘን የገባ የቴፕ ክር ከዓመታት በኋላ ተመርጦ ሲታተም የማህደር ኮንሰርት አልበም ይባላል። መድረክ ላይ የተቀዳ ሁሉ የማህደር አይደለም። የዚሁ ባንድ «ላይቭ/ዴድ» በ1969 ተቀድቶ በዚያው ዓመት ወጣ፤ ላይቭ ነው፣ አበቃ። «ዩሮፕ 72»ም የወጣው በጊዜው ነው፤ ያውም ስቱዲዮ ገብተው ድምፃቸውን ደግመው ዘፍነውበት። የዚያው ጉዞ 22 ኮንሰርቶች በ2011 በ73 ሲዲ ሲወጡ ግን የማህደር ሥራ ሆነ (ዓመቶቹ ሁሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ናቸው)። በእኛ ሰፈር ደግሞ የድሮ የኢትዮጵያ ሙዚቃ የሚወጣበትን ተከታታይ ሲዲ «ኢትዮጲክስ»ን በዚህ ስም የሚጠሩ አሉ። አብዛኛው ቀድሞ በሸክላ ወጥቶ የተሸጠ ሙዚቃ ስለሆነ እሱ ዳግም ኅትመት ነው።

ወደ ጊታሩ ልመለስ። የመድረክ ሙዚቃ በሁለት መንገድ ይቀዳል። አንዱ ባለ ብዙ ትራክ ነው፤ ድምፁም፣ ጊታሩም፣ ቤዙም፣ ከበሮውም በየራሱ መስመር ይሰፍራል። ሌላው ባለ ሁለት ትራክ ነው፤ ሁሉም እዚያው ተቀላቅሎ ግራና ቀኝ ሆኖ ይገባል። የመጀመሪያው ሽንኩርቱ፣ በርበሬውና ቅቤው ለየብቻ የተቀመጡበት ጓዳ ማለት ነው። ከሃምሳ ዓመት በኋላም እሳት ለኩሶ አዲስ ወጥ መሥራት ይቻላል፤ ይህ ሪሚክስ ነው። ሁለተኛው ግን ተሠርቶ ያለቀ ወጥ ነው። ሊሞቅ ይችላል፣ ትንሽ ሊቀጥን ይችላል፣ በተሻለ ሳህን ሊቀርብ ይችላል፤ ሽንኩርቱን መልሶ ማውጣት ግን የለም። ሪማስተር የሚባለው ይኸው ማሞቁ ነው።

ዴዶች ሁለቱንም ዓይነት አውጥተዋል፤ መለያ ስምም ነበራቸው። በ1991 የወጣው «ዋን ፍሮም ዘ ቮልት» በ1975 ሳን ፍራንሲስኮ ውስጥ በብዙ ትራክ ተቀድቶ ኋላ ሚክስ የተደረገ ነው። የባንዱ ክር ጠባቂ ዲክ ላትቫላ እየመረጠ በ1993 የተጀመረው «ዲክስ ፒክስ» ግን ከባለ ሁለት ትራክ ክር ነው የሚመጣው፤ በ2005 እስኪቆም 36 ቅጽ ደርሷል። ብዙዎቹ ላይ ክሩ እንከን እንዳለበት ገዢውን የሚያሳስብ ጽሑፍ አለ። የእኛ ሰውዬ የገዛው ከነዚህ አንዱን ነው። ማሳሰቢያውን አላነበበም።

ታዲያ ጊታሩ ለምን ተቀበረ? ሚክሰሩ ላይ የተቀመጠው ሳውንድማን ወጡን የሚሠራው ለአዳራሹ እንጂ ለክሩ አይደለም። ጊታሩ መድረክ ላይ በራሱ አምፕሊፋየር ይጮኻል፤ አዳራሹ ጠበብ ካለ ማንም ሳይረዳው ይሰማል። ስለዚህ የዘፋኙን ድምፅ ከፍ፣ ጊታሩን ዝቅ ያደርጋል። ሚጥሚጣው ገበታው ላይ ለብቻው ቀርቧልና ወጥ ሠሪዋ ወጡን ብታለዝበው ልክ ናት። በማግሥቱ ድስቱን ብቻ ከፍቶ የቀመሰ ሰው ግን «ይህች ሴት ወጥ አትችልም» ይላል።

የባንዱ ድምፅ ቀጂ የነበረችው ቤቲ ካንተር-ጃክሰን ስሟ የሚነሣው በዚህ የተነሣ ነው። በግንቦት 1977 በኮርኔል ዩኒቨርሲቲ ባርተን አዳራሽ የቀዳችው ባለ ሁለት ትራክ ነው፤ ነገር ግን ለቅጂው የራሷን ሚክስ ታዘጋጅ ነበር፣ ለሚቋጠረው ሌላ ድስት ጥዳ። ክሮቿ የመጋዘን ኪራይ ሳይከፈል ቀርቶ በ1986 በጨረታ ተበተኑ፤ የኮርኔሉ አልበም በሕጋዊ መንገድ የወጣው በ2017 ነው። በዚያ ሪማስተር ውስጥ ትልቁ ሥራ ፍጥነት ማስተካከል ነበር። ክር ላይ ሲቀዳ ጆሮ የማይሰማው፣ ባያስ የሚባል ድምፅ አብሮ ይገባል። የእሱን ርዝራዥ እየተከተሉ ማሽኑ የት እንደፈጠነ፣ የት እንደዘገየ ለይተው አረሙት። ጊታሩን ከድምፁ የለየ የለም።

ማሞቅ ካልሁ አይቀር፦ ከ1970ዎቹ ወዲህ የተሠሩ አንዳንድ ክሮች ማጣበቂያቸው እርጥበት ስቦ ማሽኑ ላይ ይጣበቃሉ፤ እኛ ክር የምናድስ ሰዎች እነዚህን ከ50 ዲግሪ ሴልሺየስ ጥቂት ከፍ ባለ ደረቅ ሙቀት ለሰዓታት እናቆያቸዋለን። ይህ ምሳሌ አይደለም፣ የእውነት ሙቀት ነው። እቤታችሁ ምድጃ እንዳትሞክሩት። አሲቴት ከሚባል ፕላስቲክ የተሠራውን አሮጌ ክር ደግሞ ጨርሶ እሳት እንዳታስጠጉት፤ የመጣበቅ በሽታ የለበትም፣ ሙቀቱ ግን ይጎዳዋል።

«ዛሬ እኮ ኮምፒውተሩ ድምፅ ይለያል» የሚለኝ አይጠፋም። እውነቱን ነው፤ ሽንኩርቱን ከወጡ የሚያወጣ ማሽን መጥቷል። የሚያወጣው ግን ሽንኩርት ይመስለኛል ያለውን ነው። ሲምባሉ (ከከበሮው ጋር የሚመታው የብረት ሳህን) እና የዘፋኙ «ስ» አንድ ቦታ ሲገናኙ የትኛው የማን እንደሆነ ይገምታል፤ ሲሳሳት ከበሮው ውኃ ውስጥ እንደተመታ ይሰማል። ተጠቀሙበት፣ አልከለክልም። ብቻ ሽፋኑ ላይ ይጻፍ፣ ስሙም ሪማስተር አይሁን።

ጊታር የናፈቀው ሰው ሌላም መንገድ አለው። ተመልካቹ በየኮንሰርቱ የራሱን ማይክ አቁሞ ይቀዳ ነበር፤ ባንዱም በ1984 ለነዚህ ሰዎች አዳራሽ ውስጥ የተለየ ቦታ ሰጣቸው። የእነሱ ክር ላይ ጊታሩ ከነሚጥሚጣው አለ፤ የጎረቤት ሳልም አለ። ሁለቱን ክሮች ደርቦ አንድ ማድረግ ይቻላል፤ ማትሪክስ ይሉታል። ችግሩ ሁለት ማሽን አንድ ዓይነት ፍጥነት የለውም፤ በመጀመሪያው ደቂቃ የገጠመው ከበሮ አሥረኛው ላይ ሁለቴ ይመታል። ያንን በየጥቂት ሰከንዱ እየሳቡ ማገጣጠም ቀናት ይፈጃል፤ «ስንፍና ነው» የተባልነው ታዲያ ይህን ስንሠራ ነው።