ለአገር አቀፍ ፈተና የመቀመጥ መስፈርትና በፍርድ ቤት የሚነሡ ክርክሮች

በኢትዮጵያ ለአገር አቀፍ ፈተና ማን ሊቀመጥ እንደሚችል የሚወስነው ዝርዝር በአብዛኛው የሚገኘው በአዋጅ ሳይሆን በአስፈጻሚው አካል መመሪያ ውስጥ ነው። የትምህርት ሚኒስቴር መቀመጫ አራት ኪሎ ሲሆን፣ የፌዴራል መሥሪያ ቤት መመሪያ እንዲሻር የሚጠይቅ አቤቱታ የሚቀርበው ለፌዴራል ከፍተኛ ፍርድ ቤት ነው።

የ1958ቱ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ በቁጥር 33 ከሳሽ በጉዳዩ ላይ ጥቅም እንዲኖረው ከመጠየቁ በቀር ለፈተና ክርክር የለየው ነገር የለም። በ1987ቱ ሕገ መንግሥት አንቀጽ 37 ማንኛውም ሰው በፍርድ ሊወሰን የሚገባውን ጉዳይ ለፍርድ ቤት የማቅረብ መብት አገኘ። መቃወሚያም የሚነሣው «በፍርድ ሊወሰን የሚገባ» ከሚለው ከዚሁ ሐረግ ነው፤ እርማትና መስፈርት የትምህርት ባለሙያ እንጂ የዳኛ ሥራ አይደለም የሚል። በእርማቱ በኩል ይህ ክርክር ሚዛን የሚደፋ ይመስላል፤ ተማሪን ከፈተና ክፍል ደጃፍ መመለስ ግን መብትን የሚነካ ውሳኔ መሆኑ አያጠያይቅም።

ነገሩን የለወጠው የፌዴራል የአስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ ቁጥር 1183/2012 ነው። ይህ በጥንቃቄ የተረቀቀ ሕግ መመሪያ የሚያወጣ መሥሪያ ቤት ረቂቁን ለሕዝብ አስተያየት እንዲያቀርብ፣ ከጸደቀም በኋላ በጠቅላይ ዐቃቤ ሕግ፣ በአሁኑ ፍትሕ ሚኒስቴር፣ እንዲያስመዘግብና በድረ ገጹ እንዲጭን ያስገድዳል። ስለዚህ ጠበቃ መስፈርቱ ፍትሐዊ ነው ወይስ አይደለም ወደሚለው ከመግባቱ በፊት የመመሪያውን የምዝገባ ቁጥር ይጠይቃል፤ ያልተመዘገበ መመሪያ ተፈጻሚነት የለውምና። አመልካቹ በቅድሚያ በመሥሪያ ቤቱ ውስጥ ያለውን የቅሬታ ሥርዓት መጨረስ ይጠበቅበታል። ቅሬታው በመመሪያ ሳይሆን በራሱ በአዋጅ ላይ ሲሆን መንገዱ ይለያል፤ ጉዳዩ አሥራ አንድ አባላት ወዳሉት የሕገ መንግሥት ጉዳዮች አጣሪ ጉባኤ፣ ከዚያም ወደ ፌዴሬሽን ምክር ቤት ይሄዳል።

በ2015 ዓ.ም. በሁሉም የመጀመሪያ ዲግሪ መርሐ ግብሮች የተጀመረው የመውጫ ፈተና ሌላ ጥያቄ አስከትሏል፤ ሲመዘገቡ ያልነበረ ግዴታ ሲመረቁ ሊጣል ይችላልን? የሕግ ትምህርት ቤቶች ፈተናውን ከሌሎቹ ዓመታት ቀድመው የተቀበሉት መሆኑ እዚህ ላይ ሊጠቀስ ይገባል።

የእነዚህ ክርክሮች ቁልፍ ቀን ነው። ፈተናው ካለፈ ፍርዱ ወረቀት ብቻ ይሆናል፤ በመሆኑም ዋናው ትግል የሚካሄደው በእግድ አቤቱታው ላይ ነው። በ2017 ዓ.ም. በአክሱም ሒጃብ በመልበሳቸው ለ12ኛ ክፍል ፈተና መመዝገብ ያልቻሉ 159 ተማሪዎች ጉዳይ በዚያው ከተማ በሚገኝ ፍርድ ቤት ጊዜያዊ እግድ ተሰጥቶበታል። ያ ክርክር የተካሄደው በክልል ፍርድ ቤት ነው። በአዲስ አበባ እግድ ሲሰጥ ማኅተም የተደረገበትን ትዕዛዝ ከመዝገብ ቤት ተቀብሎ ወደ ተከሳሹ መሥሪያ ቤት የሚያደርሰው ብዙ ጊዜ ራሱ ባለጉዳዩ ነው፤ ግልባጩ ላይም የመዝገብ ክፍል ሠራተኛ "ደርሶናል" ብሎ ይፈርምበታል።