ካማኩራ ደርሶ መልስ፦ ስለ አምልኮ ቦታው፣ ስለ ጫካውና ስለ አኒሜው የተሳሳቱ አመለካከቶች እና እውነታው

ካማኩራ ከቶኪዮ በስተደቡብ ሃምሳ ኪሎ ሜትር ያህል ትርቃለች፤ በባቡር የአንድ ሰዓት መንገድ ናት። ሦስቱን ወገኗን ተራራ፣ አራተኛውን ባሕር ይዞታል። ሚናሞቶ ኖ ዮሪቶሞ የተባለው የጦር አለቃ በ12ኛው መቶ ዓመት መጨረሻ መንበሩን እዚህ ሲተክል ያየው ይህንኑ ነው፤ ጠላት ቢመጣ በተራራው ውስጥ በተፈለፈለ ጠባብ መተላለፊያ ካልሆነ መግቢያ አልነበረውም። ዛሬ የሚገባባት ጎብኚ ነው። አስጎብኚዎች ጫካውን፣ የአምልኮ ቦታዎቹንና ከአኒሜ፣ ማለትም ከጃፓን የካርቱን ፊልም፣ የታወቀውን የባቡር ማቋረጫ በአንድ ቀን አጣምረው ያሳያሉ። እኔም ቶኪዮ ስለምኖር ዘመድ በመጣ ቁጥር ይህንኑ መንገድ ይዤው እሄዳለሁ። ሰዎቹ ይለያያሉ፣ የሚሳሳቱት ግን አንድ ዓይነት ነው። ከዚህ በታች ያሉት ዓመታትና ወራት በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

«ሁሉም ቤተ መቅደስ ነው»

ይህ ስሕተት የሚጀምረው ከቋንቋችን ነው። ጃፓኖች ጂንጃና ቴራ ብለው የሚለዩትን እኛ ሁለቱንም «ቤተ መቅደስ» ብለን እንገላገላለን። ጂንጃ የጃፓን ነባር እምነት የሆነው የሺንቶ ነው፤ የሚከበሩበት ካሚ ይባላሉ። «መናፍስት» ብዬ ብተረጉመው በእኛ ጆሮ ክፉ ነገር ስለሚመስል ስሙን እንዳለ ልተወው። መግቢያው ላይ ቶሪኢ የሚባለው በር፣ ማለትም ሁለት ዓምድ ከነአግዳሚዎቹ፣ ይቆማል። ቴራ ግን የቡድሃ እምነት ነው፤ ምስል፣ ዕጣንና መነኩሴ፣ ብዙ ጊዜም መቃብር አለው። የሱሩጋኦካ ሃቺማንጉ ጂንጃ ነው፤ ታላቁ የነሐስ ቡድሃ የተቀመጠበት ኮቶኩ-ኢን ደግሞ ቴራ ነው።

በጂንጃ ሁለት ጊዜ እጅ ይነሣል፣ ሁለት ጊዜ ይጨበጨባል፣ በመጨረሻም አንድ ጊዜ እጅ ይነሣል። በቴራ ግን መዳፍን ገጥሞ ዝም ማለት ነው፤ ጭብጨባ የለም። የአክስቴ ልጅ ገና ከሃቺማንጉ የተማረውን ይዞ በታላቁ ቡድሃ ፊት ሁለቴ ሲያጨበጭብ አጠገቡ የነበሩ አንዲት አሮጊት ፈገግታቸውን በመሐረብ ሸፈኑ እንጂ ማንም አልተቆጣውም።

ነገር ግን ልዩነቱ ራሱ ያን ያህል የቆየ አይደለም። በንጉሠ ነገሥት ሜጂ ስም የሚጠራው አዲሱ መንግሥት በ1868 ሁለቱ እምነቶች እንዲለያዩ እስካዘዘ ድረስ በሃቺማንጉ ግቢ ውስጥ የቡድሃ መነኮሳትና አዳራሾች ነበሩ፤ አዳራሾቹ የፈረሱት ከዚያ በኋላ ነው። ከካማኩራ አጠገብ ባለችው በኤኖሺማ ደሴት ጂንጃ የምትከበረው ቤንዛይተንም ከሕንዷ አምላክ ከሳራስዋቲ በቡድሃ እምነት በኩል ተሻግራ የመጣች ናት። ከዚህ አንጻር ሲታይ በቴራ ያጨበጨበው የአክስቴ ልጅ ከትእዛዙ በፊት ወደነበረው ዘመን ትንሽ ጠጋ ብሎ ነበር ብል ማጋነን አይሆንብኝም።

አንዳንዱ እንግዳ ደግሞ «ብገባ እንደ ማምለክ ይቆጠርብኛል» ብሎ ደጃፍ ላይ ይቀራል። ማንም ማንንም «አጨብጭብ» አይልም። ባርኔጣ አውልቆ፣ ከመንገዱ መሐል ገለል ብሎ ተመልክቶ መውጣት በቂ ነው።

«መግቢያው ላይ ያለው ውሃ ጠበል ነው»

የእኛ ሰው ከሁሉ በላይ የሚሳሳተው እዚህ ላይ ነው። በጂንጃ ደጃፍ ከድንጋይ ገንዳ የሚፈሰው ውሃ ለመታጠቢያ እንጂ ለመጠጫ አልተቀመጠም፤ ተቀድቶም ወደ ቤት አይወሰድም። በጭልፋው ቀድቶ መጀመሪያ ግራ እጅን፣ ቀጥሎ ቀኝ እጅን ማጠብ፣ ከዚያ በግራ መዳፍ ጥቂት ውሃ ይዞ አፍን መጉመጥመጥ ነው። ጭልፋውን ወደ አፍ ማስጠጋት ነውር ነው። በመጨረሻ ጭልፋው ቀጥ ተደርጎ ሲያዝ የቀረው ውሃ በእጀታው ላይ ይወርድና ለሚቀጥለው ሰው ያጥበዋል። ይህቺን የመጨረሻዋን ነገር በጣም እወዳታለሁ።

ዜኒያራይ ቤንተን የሚባለው የካማኩራ ጂንጃ ግን ሌላ ነው። በዓለት ውስጥ በተቆፈረ ዋሻ መሰል መንገድ ይገባበታል፤ ውስጡ ምንጭ አለ፤ ሰው ገንዘቡን በትንሽ ቅርጫት አድርጎ በምንጩ ውሃ ያጥባል። ጂንጃ ሆኖ ሳለ ሻማና ዕጣንም ይበራበታል፣ ከላይ ላነሣሁት መቀላቀል አንዱ ምስክር ነው። እንግዶቼ ያጠቡትን የብር ኖት በመሐረብ ጠቅልለው ለዘለዓለም ሊያስቀምጡት ይፈልጋሉ። ልማዱ ግን ተቃራኒው ነው፤ የታጠበው ገንዘብ ወጪ ሲደረግ ነው በዝቶ ይመለሳል የሚባለው።

«የሚታየው ሁሉ ጥንታዊ ነው»

ሃቺማንጉ በ1063 ተመሠረተ፣ በ1180 ዮሪቶሞ ወደ አሁኑ አካባቢ አዛወረው፣ በ1191 ተቃጠለና እንደገና ተሠራ። ዛሬ ከደረጃው በላይ የሚታየው ዋናው ሕንጻ የ1828 ሥራ ነው። በጃፓን የእንጨት ሕንጻ ይቃጠላል፣ ይበሰብሳል፣ እንደገና ይቆማል፤ ዕድሜ የሚቆጠረው ከቦታው እንጂ ከግንዱ አይደለም።

ስለ ግንድ ካነሣን፣ ከደረጃው በስተግራ ሺህ ዓመት ያህል ዕድሜ የሚሰጠው ትልቅ የጊንኮ ዛፍ ነበር። በ1219 ሦስተኛው ሾጉን (የጦር ገዢ) ሳኔቶሞ በዚህ ግቢ በወንድሙ ልጅ ሲገደል ገዳዩ የተደበቀው ከዚህ ዛፍ ጀርባ ነው ይባላል፤ የመደበቁ ታሪክ ግን ከግድያው ብዙ ዘመን ቆይቶ የመጣ ነው። ዛፉ መጋቢት 10 ቀን 2010 ንጋት ላይ በነፋስ ተገንድሶ ወደቀ። ግንዱን ቆርጠው ከጎኑ ተከሉት፤ በቀድሞው ሥር ላይ ደግሞ አዲስ ቡቃያ ወጣ። ብዙ ሰው ፎቶ ለማንሣት ወደ ላይ ሲጣደፍ በገመድ የታጠረውን ይህን ቦታ ሳያየው ያልፋል። እኔ ግን እንግዳ ይዤ ስሄድ መጀመሪያ እዚያ አቆመዋለሁ፤ ቡቃያው አሁን ከሰው ቁመት በላይ ሆኗል።

ታላቁ ቡድሃም ሜዳ ላይ እንዲቀመጥ ታስቦ አልተሠራም። ሥራው የተጀመረው በ1252 ነው፤ 11.3 ሜትር ቁመትና 121 ቶን ክብደት አለው፤ መጀመሪያ አዳራሽ ውስጥ ነበር። አዳራሹን ማዕበልና ውሃ አፈረሰው፣ እርሱ ቀረ። የዓምዶቹ የድንጋይ መሠረቶች ዛሬም በዙሪያው አሉ፤ የደከመው ሰው ምን እንደሆኑ ሳያውቅ አጠገባቸው ያርፋል።

«የባቡር ማቋረጫው ለጎብኚ የተሠራ ነው»

ኤኖደን ከካማኩራ እስከ ፉጂሳዋ 10 ኪሎ ሜትር ብቻ የሚሄድ፣ 15 ጣቢያ ያለው ትንሽ ባቡር ነው። ከጣቢያዎቹ አንዱ ካማኩራ-ኮኮ-ማኤ ይባላል፤ ትርጉሙ «ካማኩራ ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ፊት ለፊት» ማለት ነው። ከጣቢያው አጠገብ ሐዲዱን የሚያቋርጥ ቁልቁለት መንገድ አለ፤ ከሐዲዱ ማዶ ባሕር። ታኬሂኮ ኢኖዌ ከ1990 እስከ 1996 በማንጋ፣ ማለትም በሥዕል በሚተረክ መጽሐፍ፣ ያወጣው ስላም ዳንክ የተባለው የቅርጫት ኳስ ታሪክ ወደ ቴሌቪዥን ሲመጣ ይህ ማቋረጫ በመክፈቻው ላይ ለጥቂት ሴኮንዶች ታየ። ያ ነው በቃ። እነዚያ ጥቂት ሴኮንዶች ከእስያ ከየአገሩ ሰው ያመጣሉ፤ በባሕረ ሰላጤው አገራት ያደጉ የእኛ ልጆችም በዓረብኛ ድምፅ ያዩት ስለሆነ ቦታውን ሳልነግራቸው ይለዩታል።

ቦታው ላይ የመግቢያ ትኬት የለም፣ በር የለም፣ የተሠራ ትርኢትም የለም። ደወሉ ይጮኻል፣ ቢጫና ጥቁር እንጨቱ ይወርዳል፣ አረንጓዴና ክሬም ቀለም ያለው ባቡር ባሕሩን ጋርዶ ያልፋል፣ እንጨቱ ይነሣል። ከዚያ አንዲት እናት በብስክሌት ልጇን ጭና ልታልፍ ስትል ስልክ የያዘ መቶ ሰው መንገዱን ዘግቶባታል። ጥበቃው «እባካችሁ፣ ወደ ዳር» እያለ ሲለምን ይውላል። ከላይ ያለው ትምህርት ቤት እውነተኛ ትምህርት ቤት ነው፤ ግቢው አይገባበትም፣ ተማሪ ፎቶ አይነሣም። አስጎብኚያችሁ በመኪና መንገድ መሐል ቁሙ የሚላችሁ ከሆነ አስጎብኚው ነው የተሳሳተው። ሁለት ባቡር ጠብቁ፣ አንዱን ፎቶ አንሡ፣ ሁለተኛውን በዓይን እዩት።

«አኒሜና አምልኮ አይገናኙም፤ የነጋዴ ፈጠራ ነው»

ጃፓኖች በአኒሜ የታየ ቦታን መጎብኘት ሴይቺ ጁንሬይ ይሉታል፤ በእኛ አነጋገር «ቅዱሳን ቦታዎችን መሳለም» ማለት ነው። ቃሉ ግማሹ ቀልድ ነው፣ ግማሹ ግን አይደለም። በሳይታማ ክፍለ ሀገር ያለው የዋሺኖሚያ ጂንጃ በ2007 በቀረበ አኒሜ ውስጥ ከታየ በኋላ ወጣቶች የገጸ ባሕርያቱን ሥዕል የሳሉበትን የስእለት ሰሌዳ እየሰቀሉ ይጸልዩ ጀመር። የአካባቢው ሰዎች አላባረሯቸውም፤ በ2008 ወጣቶቹ በበዓሉ ላይ ገጸ ባሕርያቱ የተሳሉበትን ታቦት መሰል ቃሬዛ በትከሻቸው ተሸክመው ዞሩ። እንዲህ ያለው ነገር ደስ የማይለው ጃፓናዊ እንዳለ አውቃለሁ። ቢሆንም በሰሌዳዎቹ ላይ የተጻፈውን ያስነበበ ሰው የሚያገኘው ያው «ፈተናውን ልለፍ፣ እናቴ ትዳን» ነው።

«ተፈጥሮው ለፎቶ ጀርባ ነው»

ከኪታ-ካማኩራ ባቡር ጣቢያ ተነሥቶ በዜኒያራይ በኩል ወደ ታላቁ ቡድሃ የሚወስደው የጫካ መንገድ 3 ኪሎ ሜትር ያህል ነው። አጭር ነው ብሎ በቀጭን ጫማ የመጣ ይጸጸታል፤ ሥሩ ከመሬት ወጥቶ ደረጃ ሆኗል፣ ዝናብ በዘነበ ማግሥት ሸክላው ሳሙና ነው። በ2019 መስከረም የመጣው አውሎ ነፋስ ዛፍ ጥሎ የካማኩራን የእግር መንገዶች ለረጅም ጊዜ አዘግቷል።

ባሕሩ ዳር ደግሞ ጭልፊት አለ። እኛ ጭልፊትን ከጫጩት ጋር እናውቀዋለን፤ የኤኖሺማው ግን ሳንድዊች ነጣቂ ነው። አንድ ዘመዴ ከካማኩራ የገዛውን ዳቦ ገና አንድ ጊዜ ገምጦ ወደ ባሕሩ እያየ ሳለ ከኋላው አንድ ነገር እንደ ጨርቅ ጆሮውን ዳሰሰው፤ ዳቦው የለም፣ ጣቱ ላይ ቀጭን ጭረት ቀርታለች። ሲመጣ ድምፅ የለውም፣ ሁልጊዜም ከጀርባ ነው። ግድግዳን ተደግፎ ወይም ጣሪያ ሥር መብላት ይሻላል። በከተማው ውስጥም ቢሆን ሕዝብ በተጨናነቀበት እየሄዱ መብላትን የከተማው ደንብ ከ2019 ጀምሮ አያበረታታም፤ ቅጣት ግን የለውም።

ፉጂ ተራራን በተመለከተ፣ «ይታያል» ብሎ ቃል የገባላችሁን አትመኑ። በጃፓን የብርድ ወራት ጧት ጥርት ብሎ ይታያል፤ በሙቀቱ ወራት ደመና ውስጥ ነው።

«ፈቃድ የሌለው አስጎብኚ ሕገ ወጥ ነው»

ቀድሞ እንዲያ ነበር። ከ2018 ጥር ጀምሮ ማንም ሰው በክፍያ ማስጎብኘት ይችላል፤ የመንግሥትን ፈተና ያለፉት ብቻ የሚጠሩበት የማዕረግ ስም ግን ለእነርሱ የተጠበቀ ነው። ስለዚህ ጥያቄው «ሕጋዊ ነህ ወይ?» ሳይሆን «ፈተናውን አልፈሃል ወይ?» ነው።

«አበበ ቢቂላ የሮጠው እዚህ ነው፣ ያውም በባዶ እግሩ»

ጉዞው የሚያበቃው በኤኖሺማ ነው። ወደ ደሴቲቱ ጫፍ የሚወስደው በ1959 የተሠራው ተንቀሳቃሽ ደረጃ ወደ ላይ ብቻ ነው፤ መመለሻው በእግር ነው። ስንወርድ በዛፎቹ መሐል የጀልባ ወደቡ ይታያል፤ እኔም ለ1964ቱ ኦሎምፒክ የተሠራ ነው እላለሁ። ወዲያው ከእንግዶቼ አንዱ «አበበ የሮጠው እዚህ ነው፣ ያውም በባዶ እግሩ» ይለኛል። የለም፣ እዚህ የተወዳደሩት የሸራ ጀልባዎች ናቸው። አበበ የሮጠው በቶኪዮ ነው፤ ጥቅምት 21፣ ከስታዲየሙ ወደ ምዕራብ በኮሹ ጎዳና እስከ ቾፉ ሄዶ ተመልሶ። ባዶ እግሩን የነበረው በሮም ነው፤ በቶኪዮ ጫማ አድርጎ ነበር። «ጫማ አድርጎ?» ይላሉ፣ ቅር ብሏቸው። የትርፍ አንጀት ቀዶ ሕክምና ካደረገ ገና ስድስት ሳምንት እንኳ እንዳልሞላው ስነግራቸው ግን ደረጃው ላይ ቆም ይላሉ።