ጎማ ላይ 175/65 አር 14 ሲል ምን ማለቱ ነው?

ድሬዳዋ ላይ ለቪትዝ ጎማ ስትገዙ ሻጩ «ይሄም ይገባል» ካላችሁ፣ ቁጥሩን ራሳችሁ አንብቡት። 175 የጎማው ስፋት ነው፣ በሚሊሜትር። 65 ግን ሚሊሜትር አይደለም፤ ብዙ ሰው የሚሳሳተው እዚህ ጋ ነው። የጎኑ ከፍታ የስፋቱ 65 በመቶ ነው ማለት ነው፣ ወደ 114 ሚሊሜትር። ስለዚህ 165/70 አር 14 ቁጥሩ ቢለያይም ጠቅላላ ቁመቱ የሚበልጠው በ3.5 ሚሊሜትር ገደማ ብቻ ነው። 185/70 አር 14 ግን 3 ሳንቲሜትር ይጨምራል። መሪ ሲዞር ፓራፋንጎ ሊነካ ይችላል፤ የፍጥነት መለኪያውም ከእውነተኛው ፍጥነት አሳንሶ ያሳያል። አር የጎማው አሠራር ራዲያል ነው ማለት ነው። 14 የቸርኬው ልክ ነው፣ በኢንች። እዚህ ላይ ድርድር የለም።

ጎማው ላይ ከልኩ ቀጥሎ ያለው 82 አንድ ጎማ የሚችለው ጭነት መለያ ቁጥር ነው፤ 475 ኪሎ ማለት ነው። ከዚህ ያነሰ በርካሽ አገኘሁ ብላችሁ እንዳትገዙ። በድሬ ሙቀት ላይ ጭነት ሲበዛና ንፋስ ሲያንስ ጎማ ይፈነዳል። ትክክለኛው ልክና የንፋሱ መጠን ብዙ ጊዜ በሾፌሩ በር በኩል ተለጥፏል።