«በነጻ ተሰናብተሃል» ከተባለ በኋላ፦ ይግባኝ ሰሚው ፍርድ ቤት ምን ያያል?

ልደታ ፍርድ ቤት አንድ ቀን የዋለ ሰው ይህን ያውቀዋል። ዳኛው «በነጻ ይሰናበት» ይላሉ፣ እናት ነጠላዋን አፏ ላይ ይዛ ታለቅሳለች፣ ወንድም የመፍቻ ትዕዛዙን ለማውጣት ወደ ጽሕፈት ቤት ይሮጣል። ብዙ ሰው ጉዳዩ እዚያው የተዘጋ ይመስለዋል። የአሜሪካ ፊልም ስለምናይ ይሆናል፤ እዚያ የነጻ ውሳኔ ላይ መንግሥት ይግባኝ ማለት አይችልም። በእኛ አገር ግን ዐቃቤ ሕግም ይግባኝ አለው።

ሕገ መንግሥቱ አንድ ሰው በአንድ ወንጀል ሁለቴ እንዳይከሰስ በአንቀጽ 23 ይከለክላል። ግን ቃሉን ልብ በሉ፤ የሚለው «የመጨረሻ በሆነ ውሳኔ» ነው። ይግባኝ ሊባልበት የሚችል ውሳኔ ገና የመጨረሻ አልሆነም። የ1954ቱ የወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕግም በአንቀጽ 185 ለዐቃቤ ሕግ ይህን መብት በግልጽ ሰጥቶታል። የይግባኝ ማስታወቂያ በ15 ቀን ውስጥ ይቀርባል፣ የይግባኝ ማመልከቻው ደግሞ የውሳኔው ግልባጭ ከደረሰ በ30 ቀን ውስጥ። ቀኑ ካለፈ በቂ ምክንያት አቅርቦ ማስፈቀድ ያስፈልጋል። የሟች ቤተሰብ ራሱ ይግባኝ ልበል ቢል አይሆንለትም፤ ዐቃቤ ሕጉ ጋ ሄዶ መለመን ነው ያለው፣ ይሄ ደግሞ ለተጎጂው ከባድ ነው።

መዝገቡ የሚሄደው አንድ ደረጃ ወደ ላይ ነው። ከመጀመሪያ ደረጃ ወደ ከፍተኛ፣ ከከፍተኛ ስድስት ኪሎ ወዳለው ጠቅላይ ፍርድ ቤት። ይግባኝ መጠየቁ ብቻውን ሰውየውን እስር ቤት አያቆየውም፤ ይግባኝ ሰሚው ካላገደ በቀር ይፈታል። ፍርድ ቤቱ ቅሬታው ሚዛን ካልደፋለት የነጻውን ውሳኔ ያጸናል። ቅሬታው መልስ ሊሰጥበት ይገባል ብሎ «ያስቀርባል» ካለ ግን ነጻ የወጣው ሰው መጥሪያ ይደርሰውና «መልስ ሰጪ» ሆኖ ይቀርባል።

ከዚህ በኋላ የሚሆነው በምን ዓይነት ነጻ መባሉ ላይ ይወሰናል። በሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 141 መሠረት የዐቃቤ ሕግ ማስረጃ ብቻ ተሰምቶ «መከላከል ሳያስፈልገው» የተሰናበተ ከሆነ፣ ይግባኝ ሰሚው ብይኑን ሲሽር አብዛኛውን ጊዜ «ይከላከል» ብሎ መዝገቡን ወደ ታች ይመልሰዋል። ገና መከላከያ ምስክሮቹን አላሰማማ! ተከላክሎ፣ ሁሉም ተሰምቶ፣ በአንቀጽ 149 ነጻ የተባለ ከሆነ ግን ነገሩ ይከብዳል። አንቀጽ 195 ይግባኝ ሰሚው ክርክሩ እንደገና እንዲሰማ እንዲያዝ ወይም እዚያው ራሱ ጥፋተኛ ብሎ ቅጣት እንዲወስን ይፈቅድለታል።

የታወቀ ምሳሌ የዞን ዘጠኝ ጦማርያን መዝገብ ነው። ጥቅምት 2008 ከፍተኛው ፍርድ ቤት ከሽብር ክሱ በነጻ ሲያሰናብታቸው ዐቃቤ ሕግ ይግባኝ አለ። መጋቢት 2009 ጠቅላይ ፍርድ ቤት የሽብር ክሱን ባይቀበልም ሁለቱ በወንጀል ሕጉ በአመጽ ማነሳሳት እንዲከራከሩ አዘዘ። ያኔ ነጻ ከተባሉ ዓመት ከመንፈቅ ገደማ ሆኗቸው ነበር።

እኔን የሚያሳስበኝ ይግባኝ ሰሚዎቹ ዳኞች ምስክሩን አለማየታቸው ነው። የሚያነቡት የምስክርነቱን ግልባጭ ነው። «ለይቼዋለሁ» ከማለቱ በፊት ምስክሩ ምን ያህል ዝም እንዳለ፣ ማንን ቀና ብሎ እንዳየ ወረቀት ላይ የለም። መጀመሪያ ጉዳዩን የሰሙት የሥር ፍርድ ቤት ዳኛ ግን አይተውታል። እርግጥ አንቀጽ 194 ተጨማሪ ማስረጃ አስቀርቦ ለመስማት በር ይከፍታል። በእኔ እምነት አንድን ምስክር «የሚታመን ነው» ብሎ ነጻ የወጣን ሰው ጥፋተኛ ለማለት የሚያስብ ችሎት ቢያንስ ያንን ምስክር ጠርቶ መስማት አለበት። የሥር ፍርድ ቤቱ ስህተት ሕጉን አንብቦ የሚታይ ከሆነ ግን፣ ለምሳሌ የድርጊቱን አንቀጽ በተሳሳተ መንገድ ተርጉሞ ከሆነ፣ ወረቀቱ ይበቃል።

ሌላው ጉዳይ ጥፋተኛ የተባለው ሰው ከዚያ ወዴት ይሄዳል የሚለው ነው። ጥፋተኛ ያለው ጠቅላይ ፍርድ ቤት ከሆነ በላዩ ይግባኝ የሚባልበት ፍርድ ቤት የለም። ሰውየው ለመጀመሪያ ጊዜ ጥፋተኛ የተባለው እዚያ ነው፣ የሚቀረው ሰበር ሰሚ ችሎት ብቻ ነው። ኢትዮጵያ በ1985 የተቀበለችው የሲቪልና የፖለቲካ መብቶች ቃል ኪዳን አንቀጽ 14(5) ጥፋተኛ የተባለ ሰው ፍርዱን በበላይ ፍርድ ቤት የማስመርመር መብት አለው ይላል። የተባበሩት መንግሥታት የሰብአዊ መብቶች ኮሚቴም እ.ኤ.አ. በ2007 ይህ መብት ነጻ ወጥቶ በይግባኝ ጥፋተኛ ለተባለ ሰውም እንደሚሠራ ጽፏል።

ሰበር ደግሞ የሚያየው መሠረታዊ የሕግ ስህተትን ነው። ምስክር እገሌ ይታመናል አይታመንም ብሎ እንደገና አይመዝንም። ስለዚህ «ነጻ ወጥቼ የለ እንዴ» ብሎ የይግባኝ መጥሪያን ችላ ማለት አደገኛ ነው፤ ማን ምን አየ፣ ማን የት ነበር የሚለውን ፍሬ ነገር መከራከር የሚቻለው በዚያ መልስ ላይ ነው፣ ከዚያ ወዲያ የሚሰማ ችሎት ላይገኝ ይችላል።