የቤት ውስጥ ጥቃት በደሴና በኮምቦልቻ፦ ሰፈሩ የሚያውቀው ገመና

ደሴ በጦሳ ተራራ ግርጌ፣ ከባሕር ጠለል በላይ 2,500 ሜትር ገደማ ከፍታ ላይ ተጠጋግታ የተሠራች ከተማ ናት። በአራዳ፣ በሸዋ በር ወይም በሌሎች አሮጌ ሰፈሮች የአንዱ ቤት ጭቃ ግድግዳ ከጎረቤቱ ግድግዳ ጋር የተያያዘ ነው። ሌሊት ልጅ ሲያስል ጎረቤት ይሰማል፤ ሚስት ስትመታም ይሰማል። 25 ኪሎ ሜትር ያህል ቁልቁል ወርዳ የምትገኘው ኮምቦልቻም፣ በተለይ ሠራተኞች ተዳብለው በሚከራዩባቸው ግቢዎች፣ ከዚህ ብዙ አትለይም። ስለዚህ የቤት ውስጥ ጥቃትን «ድብቅ ችግር» ብሎ መጀመር ለሁለቱ ከተሞች አይስማማም። ጥቃቱ ይታወቃል፤ የሚዳኝበትም የራሱ መንገድ አለው። ያ መንገድ ምን እንደሚጠይቅና ምን እንደማይጠይቅ ሳይታወቅ፣ ጉዳዩ ፖሊስ ጣቢያ ለምን እንደማይደርስ መረዳት ያዳግታል።

ስፋቱ

የቤት ውስጥ ጥቃትን በአገር አቀፍ ደረጃ ለመጀመሪያ ጊዜ የለካው እ.ኤ.አ. በ2016 የተካሄደው የኢትዮጵያ የሥነ ሕዝብና ጤና ጥናት ነው። በዚያ ጥናት ዕድሜያቸው ከ15 እስከ 49 ከሆኑ፣ ካገቡ ወይም አግብተው ከሚያውቁ ሴቶች መካከል 34 በመቶ የሚሆኑት ከባላቸው አካላዊ፣ ወሲባዊ ወይም ስሜታዊ ጥቃት እንደደረሰባቸው ተናግረዋል። በተናጠል ሲታይ አካላዊው 24፣ ስሜታዊው 24፣ ወሲባዊው 10 በመቶ ነው። ከዚያ አስቀድሞ የዓለም ጤና ድርጅት በልዩ ልዩ አገሮች አካሂዶ እ.ኤ.አ. በ2005 ይፋ ባደረገው ጥናት ኢትዮጵያን የወከለው የቡታጅራ አካባቢ ገጠር ሲሆን፣ በዕድሜያቸው አንድ ጊዜም ቢሆን ከባላቸው አካላዊ ወይም ወሲባዊ ጥቃት የደረሰባቸው ሴቶች 71 በመቶ ሆነው ተገኝተዋል። ሁለቱን ቁጥሮች አጋጥሞ አንዱን ሐሰት ማለት አይገባም። የቡታጅራው ጥናት አንድ ገጠራማ አካባቢ ብቻ የተመለከተ፣ ጠያቂዎቹም ለዚሁ ጉዳይ የሠለጠኑ ነበሩ። የ2016ቱ ግን ስለ ክትባት፣ ስለ ወሊድና ስለ ምግብ ከሚጠይቅ ረጅም ቅጽ ጋር የቀረበ ነው። ሴት እንዲህ ያለውን ነገር የምትናገረው ለማን እንደሆነ አይታ ነው።

ለደሴና ለኮምቦልቻ አንባቢ ከእነዚህ ይልቅ የሚናገር ሌላ ቁጥር አለ። በ2016ቱ ጥናት አካላዊ ወይም ወሲባዊ ጥቃት ከደረሰባቸው ሴቶች ውስጥ 66 በመቶ የሚሆኑት እርዳታ አልፈለጉም፤ ለማንም አልተናገሩም። እርዳታ የፈለጉት 23 በመቶ ብቻ ናቸው። ከእነዚህም 34 በመቶው ወደ ጎረቤት፣ 31 በመቶው ወደ ወላጅ ዘመዳቸው ሄደዋል። ፖሊስ፣ ሐኪምና የሕግ ባለሙያ በዝርዝሩ መጨረሻ ላይ ናቸው።

አመለካከትም ተጠይቆ ነበር። ምግብ ብታሳርር፣ ብትከራከር፣ ሳትነግረው ብትወጣ፣ ልጆቿን ችላ ብትል፣ አልተኛም ብትል ባል ሚስቱን ቢመታ ተገቢ ነው ወይ? እ.ኤ.አ. በ2000 ቢያንስ በአንዱ ምክንያት «ተገቢ ነው» ያሉት ሴቶች 85 በመቶ ነበሩ፤ በ2016 ወደ 63 ወርደዋል። በዚያው በ2016 እንዲህ ያሉት ወንዶች 28 በመቶ ብቻ ናቸው። ይህን አይቶ «ሴቶቹ ራሳቸው ይወዱታል» ማለት የተለመደ ቀልድ ነው፤ ሴትን ከአህያ ጋር አቆራኝተው ዱላ የሚያዙ ተረቶቻችንም ያግዙታል። እኔ የሚመስለኝ ወንዱ ለጠያቂ የሚስማማውን መልስ ማወቅ ጀምሯል፤ ሴቷ ግን ስትሰማ ያደገችውን ነው የመለሰችው።

ሽማግሌ፣ ቅሬና ቃዲ

ጩኸት ሲበረታ በር የሚያንኳኳው ጎረቤት ነው። ያን ሌሊት ይገላግላል። ሲነጋ ሴቲቱ ልጆቿን ይዛ ወይም ጥላ እናቷ ቤት ትገባለች፤ አኮረፈች ይባላል። ባል ከቀናት በኋላ ሽማግሌ ይልካል። ወሎ ውስጥ እስላሙና ክርስቲያኑ በጋብቻም በጉርብትናም የተጋመደ በመሆኑ፣ ከሽማግሌዎቹ መካከል ሼኩና ቄሱ ጎን ለጎን መቀመጣቸው እንግዳ ነገር አይደለም። ሌላው አካባቢ እድር የሚለው፣ ወሎ ቅሬ ብሎ የሚጠራው ማኅበርም ሞት ብቻ አይደለም የሚያሰባስበው፤ የቅሬው አባል ቤት ሲታመስ የሚገቡት ሰዎች ብዙ ጊዜ እነዚያው ናቸው። ሴቶች ደግሞ የራሳቸው መድረክ አላቸው። አቦል፣ ቶና፣ በረካ እየተባለ በሚጠጣው ቡና ላይ፣ ዱበርቲ የሚባሉት ባልቴቶች በሚመሩት ዱዓ ላይ የማይነሳ የቤት ጉዳይ የለም።

የሽማግሌው ችሎት ሥርዓት አለው። ሁለቱም ይሰማሉ። ባል ጥፋተኛ ከሆነ ይወቀሳል፣ ይቅርታ ይጠይቃል፣ አንዳንዴ ልብስ ገዝቶ ይክሳል፣ ዳግመኛ እጁን ላያነሳ ዋስ ይጠራል። ዋሱ የሴቲቱ ታላቅ ወንድም ወይም ባል የሚያፍረው ሰው ከሆነ ቃሉ ዋዛ አይደለም፤ በእንዲህ ያለ ዋስ ዱላ የቆመበት ቤት አለ። ከሕጉ መንገድ ጋር ሲነጻጸር ደግሞ ገንዘብ አይጠይቅም፣ ቀጠሮ አያበዛም፣ የቤቱን እንጀራ አያቋርጥም። ይህን ሁሉ ንቆ «ኋላ ቀር» ማለት ሴቲቱ ለምን እንደምትመርጠው አለማየት ነው።

ችግሩ የሚጀምረው ከዓላማው ነው። ሽማግሌ የሚቀመጠው ትዳሩ እንዳይፈርስ ነው፤ ስለዚህ የመጀመሪያው ጥያቄ ብዙ ጊዜ ወደ እሷ ይዞራል፦ «ምን አድርገሽው ነው?» የመጨረሻው ምክርም ወደ እሷ ይመለሳል፦ «ቻይው፣ ለልጆችሽ ስትይ»፤ በሙስሊሙ ቤት «ሰብር አድርጊ»። መዝገብ የለም። አምስተኛው ዕርቅ እንደ መጀመሪያው ይታያል፤ ቀድሞ ዋስ የነበረው ሞቶ ወይም አገር ለቆ ሊሆን ይችላል። በዋስነት የተጠራ ሰው ቃሉ ሲፈርስ የሚደርስበት ነገር ቢኖር እፍረት ነው፤ ያም ቢሆን ከተማው እየሰፋ፣ ሰው ከሰው እየተራራቀ ሲሄድ ይቀንሳል።

ለሙስሊሞች ሌላ በር አለ። ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 34 ሁለቱም ወገኖች ከፈቀዱ የግልና የቤተሰብ ጉዳዮች በሃይማኖት ሕግ ሊዳኙ እንደሚችሉ ይደነግጋል። ሚስት በቃዲ (በሸሪዓ ፍርድ ቤት ዳኛ) ፊት ቀርባ ጉዳት እየደረሰባት መሆኑን አስረድታ ጋብቻው እንዲፈርስ መጠየቅ ትችላለች፤ ኹልዕ የሚባለው፣ ሚስት የተሰጣትን መህር (የጋብቻ ስጦታ) መልሳ ፍቺ የምታገኝበት መንገድም አለ። ቃዲው ግን የሚያየው ፍቺውንና ቀለቡን ነው። ድብደባው ወንጀል በመሆኑ የፖሊስና የዐቃቤ ሕግ ጉዳይ ሆኖ ይቀራል። አንዲት ሴት ከሸሪዓ ፍርድ ቤት ፍቺዋን አግኝታ፣ ስለ ተሰበረ ጥርሷ ግን ማንንም ሳትጠይቅ ልትወጣ ትችላለች።

ሕጉ

የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ ባልን የቤተሰቡ ራስ፣ ሚስትን ታዛዥ አድርጎ የቆጠረ ነበር፤ ፍቺንም በመጀመሪያ ደረጃ ለቤተ ዘመድ ሽማግሌዎች ሰጥቶ ነበር። የ1987ቱ ሕገ መንግሥት በጋብቻ ውስጥ እኩልነትን ከደነገገ በኋላ የፌዴራሉ የቤተሰብ ሕግ በ1992፣ የአማራ ክልሉ ደግሞ በ1995 ወጡ። የጋብቻ ዕድሜ 18 ሆነ፣ ፍቺ የፍርድ ቤት ሥልጣን ሆነ። ደሴ ውስጥ ግን የሽማግሌው ጉባኤ ከሕጉ ቢወጣም ከሳሎኑ አልወጣም።

ከግንቦት 1 ቀን 1997 ጀምሮ የሚሠራበት የወንጀል ሕግ በአንቀጽ 564 በትዳር ጓደኛ ወይም ያለ ጋብቻ አብሮ በሚኖር ሰው ላይ የሚፈጸም ጥቃትን በስም ጠቅሶ ወንጀል አድርጎታል። ቅጣቱን ግን የሚወስደው ስለ አካል ጉዳትና ስለ እጅ እልፊት (የአካል ጉዳት ሳያደርስ ስለሚቀር ምት) ከሚደነግጉት አጠቃላይ አንቀጾች ነው። ከእነዚህም ቀላል የሚባለው የአካል ጉዳት በግል አቤቱታ የሚያስከስስ ነው። እሷ አመልክታ ከጀመረች ጉዳዩ ይጀመራል፤ አቤቱታዋን ካነሳች ይቆማል። እንግዲህ ሽማግሌው የሚገባው እዚህ ላይ ነው። ክሱን ማንሳት የዕርቁ የመጀመሪያ ሁኔታ ይሆናል። ባልዋ ታስሮ ሳለ ምሳ የምታመላልስለት እሷ መሆኗን፣ የቤት ኪራዩን የሚከፍለውም እሱ መሆኑን ላሰበ፣ «ሴቶቹ ራሳቸው ክስ ያቋርጣሉ» የሚለው የመርማሪዎች ምሬት ግማሽ እውነት ብቻ ነው።

አንቀጽ 620 አስገድዶ መድፈርን ሲተረጉም «ከጋብቻ ውጪ» የሚል ቃል አስገብቷል። በመሆኑም ባል ሚስቱን አስገድዶ ቢደፍር በዚህ አንቀጽ አይጠየቅም። በ2016ቱ ጥናት የተቆጠሩት 10 በመቶዎቹ በአብዛኛው ሕግ ስም ያልሰጠው ነገር የደረሰባቸው ናቸው። አገሪቱ የቤት ውስጥ ጥቃትን ብቻ የሚመለከት ራሱን የቻለ ሕግም የላትም፤ በሌሎች አገሮች እንዳለው ዳኛ ባልን «ከዚህ ቤት ራቅ» ብሎ በአስቸኳይ የሚያዝበት ግልጽ ሥርዓት አልተዘረጋም።

ለወንጀሉ ክስ የሕክምና ማስረጃ ወሳኝ ነው። በደሴ ሆስፒታል ሕክምናውን፣ የሥነ ልቦና ድጋፉንና የሕግ ምክሩን በአንድ ቦታ ለመስጠት ታስቦ የአንድ ማዕከል አገልግሎት ተጀምሯል። ሐሳቡ ቀላል ነው፦ ሴቲቱ አንዱን ታሪክ ለአምስት ሰው፣ በአምስት ቢሮ እንዳትደግም።

ኮምቦልቻ

ኮምቦልቻ የፋብሪካ ከተማ ናት። ጨርቃ ጨርቁ፣ ቢራው፣ ብረታ ብረቱ ከቆዩ በኋላ፣ 75 ሔክታር ላይ ያረፈው የኢንዱስትሪ ፓርክ በሐምሌ 2009 ተመረቀ፤ ከገጠር ወጣት ሴቶችን ሳበ። ደመወዙ ብቻውን ቤት ስለማያስከራይ፣ አብሮ መከራየትና ያለ ሠርግ አብሮ መኖር በዛ። እዚህ ላይ የቤት ውስጥ ጥቃት መልኩን ይለውጣል። ደሴ ላይ ሽማግሌ የሚላክባት፣ እናቷ ቤት የምትገባዋ ሴት ዘመድ አላት። በኮምቦልቻ የኪራይ ክፍል ያለችው ልጅ ግን ብዙ ጊዜ ቤተሰቦቿ መኖሩን እንኳን ከማያውቁት ሰው ጋር ነው የምትኖረው፤ አልተዳረችም፣ ስለዚህ «ለማን ይነገራል» ትላለች። አንቀጽ 564 እሷንም በግልጽ ያካትታል። ይህን የሚነግራት ሰው ግን ቢያንስ ለጊዜው አከራይዋ ወይም የሥራ ባልደረባዋ እንጂ ሕጉ አይደለም።

ጦርነቱ

በጥቅምት 2014 ደሴና ኮምቦልቻ በሕወሓት ኃይሎች እጅ ወደቁ፤ በኅዳር መጨረሻ ተመለሱ። ሆስፒታልና ፋብሪካ ተዘረፈ። የኢትዮጵያ ሰብዓዊ መብቶች ኮሚሽን በአማራና በአፋር ባደረገው ምርመራ በጦርነቱ የተፈጸሙ ወሲባዊ ጥቃቶችን መዝግቧል። በዚያው ዓመት ታኅሣሥ ኢትዮጵያ ከአጎዋ (ለአፍሪካ አገሮች ምርት ወደ አሜሪካ ከቀረጥ ነፃ መግቢያ ከሚሰጠው ሕግ) ተጠቃሚነት ስትሰረዝ፣ ወደ አሜሪካ ይልኩ የነበሩ የልብስ ፋብሪካዎች ይህን ዕድል አጡ። የጦር ሜዳው ጥቃትና የቤቱ ጥቃት ሁለት የተለያዩ ነገሮች ናቸው፤ ይሁን እንጂ አንዲት በወታደር የተደፈረች ሴት ለባሏ መናገር ስትፈራ ሁለቱ በአንድ ጣሪያ ሥር ይገናኛሉ። ከሥራ የወጣ ባል፣ በመጠለያ ጣቢያ በላስቲክ የተከፈለ ክፍል፣ በአንድ ዘመድ ቤት የተደራረቡ ሁለትና ሦስት ቤተሰቦች፤ እነዚህ ሁሉ ጦርነቱ ለቤቱ ያወረሳቸው ናቸው።

የሚያስከትለው

የጤና ጉዳቱ በቁስል አያበቃም። ድብርት፣ ጽንስ መጨንገፍ፣ ክብደቱ አነስተኛ የሆነ ልጅ መውለድ፣ ኤች አይ ቪን ጨምሮ በግንኙነት ለሚተላለፉ በሽታዎች መጋለጥ በዓለም አቀፍ ጥናቶች ተደጋግመው ከቤት ውስጥ ጥቃት ጋር ተያይዘው ተገኝተዋል። ባልዋ የሚሰክር ሴት ይበልጥ ትጠቃለች፤ እናቷ ስትመታ አይታ ያደገችም እንዲሁ። ልጆች ላይ የሚደርሰውን ትምህርት ቤት ነው ቀድሞ የሚያየው፦ የሚያንቀላፋ፣ የሚደባደብ፣ ወይም ድምፅ ከፍ ሲል የሚደነግጥ ተማሪ።

ለወሎ ግን ከሁሉ የሚለየው መዘዝ ስደት ነው። ደቡብ ወሎ ሴት ልጆቹን ወደ ዐረብ አገር በብዛት ከሚልኩ አካባቢዎች አንዱ ነው። ስለ ስደት ሲወራ ድህነት ይጠቀሳል፤ ያለዕድሜ ተድራ፣ ተፈትታ፣ ወይም ከዱላ ሸሽታ የምትሄደው ግን በዝርዝሩ አትገባም። ለእሷ ሳዑዲ ወይም ቤይሩት ከሽማግሌውም ከችሎቱም የቀለለ የፍቺ መንገድ ነው፤ ማንም «ቻይው» ሳይላት ከቤት የምትወጣበት ብቸኛ የተከበረ ምክንያት ሥራ ፍለጋ ነውና። ብር ስትልክ ትመሰገናለች። እዚያም ቤት ውስጥ ነው የምትሠራው፤ በሌላ ሰው ቤት፣ ከተዘጋ በር ኋላ።

እዚህ የቀረችው ደግሞ ወዴት ትሄዳለች የሚለው ጥያቄ የንብረት ጥያቄ ነው። በአማራ ክልል የገጠር መሬት ደብተር የባልና የሚስትን ስም አንድ ላይ ይዞ መውጣቱ፣ በደሴ ዙሪያ ለሚኖሩ አርሶ አደር ሴቶች «ቤቱ የእኔም ነው» የሚሉበት ወረቀት ሰጥቷቸዋል። በከተማው እንዲህ ያለ ነገር አይገኝም። የቀበሌ ቤት ውል በአንድ ሰው ስም ነው፤ ያ ሰው ብዙ ጊዜ ባል ነው። ሚስት ስትፈታ ፍርድ ቤት ብርድ ልብሱንና ቴሌቪዥኑን ያካፍላል፤ ቤቱ የመንግሥት በመሆኑ የሚካፈል ንብረት አይደለም፤ ማን ይቆይበት የሚለው ራሱን የቻለ ክርክር ይሆናል። እስኪወሰን ድረስ በደባል ወይም በእህት ቤት የምትከርመው ብዙ ጊዜ እሷ ናት፤ ሽማግሌዎቹም ቀጣዩን ዙር የሚጀምሩት ከዚያው ቤት ነው።