«ራስ ልሁን ያለ ድልድይ ይሁን»፦ የዌልሶች አባባልና የአሊን ዊን ጆንስ ትከሻ

የዌልስ ሰዎች ኃላፊነት ላይ ለሚወጣ ሰው የሚያነሱት አንድ አጭር አባባል አላቸው፦ «አ ቮ ቤን፣ ቢድ ቦንት»። በአማርኛ «ራስ ልሁን ያለ ድልድይ ይሁን» እንደማለት ነው። ራስ ሲሉም እንደ እኛው የአካሉንም የማዕረጉንም ነው። እኛ ዘንድ ስለ ሹመት ሲነሳ ቶሎ አፍ ላይ የሚመጣው «ሲሾም ያልበላ ሲሻር ይቆጨዋል» ነው። የዌልሶቹ አባባል የዚህ ፍጹም ተቃራኒ ነው። የእኛው ሹመትን እንደ ገበታ አይቶ «ሳይነሳ ብላ» ይላል፤ የእነሱ «ጀርባህን ስጥ» ይላል።

ምንጩን የማያውቅ ሰው ግን ግማሹን ትርጉም ነው የሚያገኘው። ስለዚህ መጀመሪያ ተረቱን ላውጋችሁ። ከዚያም አባባሉን በሥራው ካሳየ ሰው ጋር አስተዋውቃችኋለሁ፤ ለረጅም ዓመታት የዌልስ ራግቢ ብሔራዊ ቡድን አምበል ከነበረው ከአሊን ዊን ጆንስ ጋር።

ተረቱ የሚገኘው ማቢኖጊ በሚባሉት የመካከለኛው ዘመን የዌልስ ትረካዎች ሁለተኛ ክፍል ውስጥ ነው። ዛሬ በእጅ ያሉት ሙሉ ቅጂዎች ከ14ኛው ክፍለ ዘመን አጋማሽ ወዲህ በብራና የተጻፉ ናቸው፤ ትረካው ግን ከብራናው ይቀድማል። ቤንዲጌይድቭራን የሚባል ግዙፍ ንጉሥ ነበር። ከግዝፈቱ የተነሳ የሚችለው ቤት አልተሠራም። እህቱን ብራንዌንን ለአየርላንድ ንጉሥ ዳረ። በሠርጉ ሰሞን ግን ኤቭኒሲየን የተባለው የእናቱ ልጅ «ሳልጠየቅ እህቴን ዳሩብኝ» ብሎ ተቆጣና የሙሽራውን ፈረሶች በቢላ አበላሻቸው። ካሣ ተከፈለ፣ እርቅም ወረደ። የአየርላንድ መኳንንት ግን ቂሙን አልረሱትም። ንግሥቲቱን ከንጉሡ አልጋ አውርደው ወጥ ቤት አስገቧት፤ ሥጋ ቆራጩም ሥራውን ሲጨርስ በየቀኑ እየመጣ በጥፊ እንዲመታት ታዘዘ። ሦስት ዓመት እንዲህ ኖረች።

ብራንዌን በዚያ ወጥ ቤት፣ ሊጥ በሚቦካበት ገበቴ ጠርዝ ላይ፣ አንዲት ትንሽ ወፍ አሳደገች። ቋንቋ አስተማረቻት፤ የወንድሟን መልክ ነገረቻት፤ ደብዳቤ ጽፋ ክንፏ ሥር አሰረችና ባሕር አሻግራ ላከቻት። ቤንዲጌይድቭራን መልእክቱን እንዳነበበ ሠራዊቱን አስነሳ። ሌላው በመርከብ ሲጓዝ እሱ በገና ደርዳሪዎቹን በጀርባው አዝሎ ባሕሩን በእግሩ አቋረጠ። በአየርላንድ ዳርቻ አሳማ የሚጠብቁ እረኞች በባሕር ላይ ጫካ፣ ከጫካው አጠገብም የሚንቀሳቀስ ተራራ አየን ብለው ለንጉሣቸው አወሩ። ምን እንደሆነ ብራንዌን ስትጠየቅ፣ ጫካው የመርከቦቹ ምሰሶ፣ ተራራው ደግሞ ወንድሟ እንደሆነ ነገረቻቸው። እኔ ከትረካው ሁሉ አብልጬ የምወደው ይህንን ቦታ ነው፤ በጥፊ የምትመታው ሴት ጠላቶቿ ያላወቁትን ስትፈታላቸው።

አየርላንዶቹ ሊኖን የሚባለውን ወንዝ ተሻግረው ድልድዩን ሰበሩት። ወንዙ ሥሩ ብረት የሚስብ ድንጋይ ስለነበረበት መርከብ አያሳልፍም። የቤንዲጌይድቭራን ሰዎች ዳር ቆመው «ጌታችን፣ የወንዙን ነገር ታውቃለህ፤ ስለ ድልድይ ምን ትመክራለህ?» አሉት። መልሱ ያ አባባል ነበር፦ «ራስ የሆነ ድልድይ ይሁን፤ እኔ ድልድይ እሆናለሁ»። ከዚያም ከዳር እስከ ዳር ተጋደመ። በላዩ የእንጨት ርብራብ አነጠፉበትና ሠራዊቱ በሙሉ በጀርባው ላይ ተሻገረ። ተራኪው እዚሁ ላይ ቆም ብሎ አባባሉ መጀመሪያ የተነገረው ያን ጊዜ እንደሆነና በእሱ ዘመንም ሰው እንደሚጠቀምበት ያስረዳል። የአባባልን መነሻ እንዲህ በግልጽ የሚነግር የድሮ ጽሑፍ ብዙ አይገኝም።

የጦርነቱ ፍጻሜ አያምርም። ከቤንዲጌይድቭራን ሠራዊት የተረፉት ሰባት ሰዎች ብቻ ነበሩ፤ ንጉሡ ራሱ እግሩን በመርዘኛ ጦር ተወጋ። ብራንዌንም ሁለቱ አገሮች በእኔ ምክንያት ጠፉ ብላ በሐዘን ሞተች።

አሁን ወደ ፍቺው። ብዙ ሰው ዛሬ «ድልድይ» ሲባል አስታራቂ፣ ሁለት የተጣሉ ወገኖችን የሚያገናኝ ሰው ይመስለዋል። ጥሩ ሐሳብ ነው፤ ተረቱ የሚለው ግን ይህን አይደለም። ቤንዲጌይድቭራን በዚያች ሰዓት ማንንም አላስታረቀም፤ ሰዎቹ እንዲያልፉ ተረገጠ። ሰዎቹም የለመኑት ምክር ብቻ ነበር፤ ሰውነቱን የሰጠው እሱ ነው። ሌላም ልብ የሚባል ነገር አለ፦ ንጉሡ አባባሉን ሌላውን ሊገሥጽበት አላወጣውም። ስለ ራሱ ተናገረው፤ ወዲያውም ፈጸመው። በእኔ እምነት የአባባሉ ክብደት ያለው እዚህ ላይ ነው።

አሊን ዊን ጆንስ በ1985 (ዘመኑን ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ነው የምጽፈው) በስዋንሲ ከተማ ተወለደ። ቁመቱ 1 ሜትር ከ98 ሲሆን የተጫወተው ሎክ በሚባለው ቦታ፣ ማልያ ቁጥሩ 4 ወይም 5 በሆነው ነው። ራግቢ በእኛ አገር ብዙ ስለማይታይ ሎክ ምን እንደሚሠራ ትንሽ ማስረዳት አለብኝ፤ ያለዚያ ድልድይ ማለቴ አይገባም። የአንድ ቡድን ተጫዋቾች 15 ናቸው። ከእነሱ ስምንቱ ፎርዋርድ ይባላሉ፤ ገፊዎቹና ኳስ ነጣቂዎቹ እነሱ ናቸው። ስክረም ሲጠራ ስምንቱ ከስምንቱ ጋር አንገት ለአንገት ገጥመው ይገፋፋሉ፤ በዛሬው የብሔራዊ ቡድን ደረጃ የአንዱ ወገን ክብደት ብቻ ወደ 900 ኪሎ ይጠጋል። ከፊት ሦስት ሰዎች አሉ። ሁለቱ ሎኮች ከኋላቸው ተንበርክከው ጭንቅላታቸውን በፊተኞቹ ዳሌዎች መካከል ያስገቡና በትከሻቸው ይገፋሉ። ከዚያ ውስጥ ሰማይ አይታይም፣ ኳስም አይታይም። ጆሯቸው እንዳይቀደድ ብዙዎቹ በፋሻ ይጠቀልሉታል። ኳስ የያዘ ጓደኛ ተይዞ ሲወድቅ ደግሞ ቀድመው ደርሰው በላዩ ጎንበስ ብለው የተቃራኒውን ግፊት በሰውነታቸው የሚመልሱት እነዚሁ ናቸው። ኳሱ በፍጥነት ወጥቶ ወደ ክንፍ ሲሄድ፣ ካሜራውም ሯጩን ሲከተል፣ ሎኩ ገና ከመሬት እየተነሳ ነው።

ጆንስ ይህን ሥራ ለኦስፕሪስ ክለብ ከ2005 እስከ 2023 ሠራ። ኦስፕሪስ በ2003 የዌልስ ራግቢ በክልል ቡድኖች ሲዋቀር ከኒዝና ከስዋንሲ፣ ማለትም ከሁለት የቆዩ ተቀናቃኞች፣ የተፈጠረ ነው። ለብሔራዊ ቡድኑ መጀመሪያ የተሰለፈው በጁን 2006 አርጀንቲና ውስጥ፣ በፖርቶ ማድሪን ከተማ ነው፤ ዌልስ 27 ለ 25 ተሸነፈች። 20 ዓመቱ ነበር። ከዚያ ወዲያ በ2008 እና በ2012 በስድስቱ አገሮች ውድድር ሁሉንም ጨዋታ አሸንፎ ግራንድ ስላም ከወሰደው ቡድን ጋር ነበር።

ድልድይ ሆኖ የተወለደ ግን የለም። በፌብሩዋሪ 2010 ለንደን ትዊክንሃም ላይ ከእንግሊዝ ጋር ሲጫወቱ የእንግሊዙን ዲላን ሃርትሊን በእግሩ ጠልፎ ቢጫ ካርድ ተሰጠው። በራግቢ ቢጫ ካርድ 10 ደቂቃ ከሜዳ ያስወጣል፤ በዚያ ጊዜ ውስጥ እንግሊዝ 17 ነጥብ አስቆጠረች፣ ጨዋታውም 30 ለ 17 አለቀ። አሠልጣኙ ዋረን ጋትላንድ በአደባባይ ወቀሰው። ቦታውን የለቀቀ ሎክ ምን ያህል ክፍተት እንደሚተው ከዚያ ቀን በላይ የሚያሳይ የለም። ያው ጋትላንድ በ2013 የብሪታንያና የአየርላንድ ጥምር ቡድን የሆነውን ላየንስን ይዞ አውስትራሊያ ሄደ፤ አምበሉ ሳም ዋርበርተን ተጎድቶ ሦስተኛው ጨዋታ ሲያመልጠው አምበልነቱን ለጆንስ ሰጠው። ሲድኒ ላይ 41 ለ 16 አሸነፉ፤ ተከታታይ ግጥሚያውንም 2 ለ 1 ወሰዱ። ያ ጠለፋ ያስከተለውን ቁጣ ለሚያስታውስ ሰው ይህ ሹመት ቀላል አይደለም።

የዌልስ ቋሚ አምበል የሆነው በ2017 ነው። 2019 ሁሉም የሚያወራለት ዓመቱ ነው። በስድስቱ አገሮች ውድድር የመጀመሪያ ጨዋታ ፓሪስ ላይ ፈረንሳይ 16 ለ 0 እየመራች ዕረፍት ወጡ፤ ዌልስ ተነስታ 24 ለ 19 አሸነፈች። በማርች 16 ካርዲፍ ላይ አየርላንድን 25 ለ 7 ረትታ ግራንድ ስላሙን ያዘች። ጆንስም የውድድሩ ኮከብ ተብሎ ተመረጠ። ዝናቡ ያለማቋረጥ ይወርድ ነበር። ከጨዋታው በፊት ሰልፍ ላይ ከፊቱ የቆመው ሕፃን በብርድ ሲንቀጠቀጥ ጆንስ ጃኬቱን አውልቆ ደረበለት። ዋንጫው በሚወሰንበት ሰዓት አምበሉ ያሰበው ስለዚያ ልጅ ነበር።

በኦክቶበር 31 ቀን 2020 ላኔሊ ውስጥ ከስኮትላንድ ጋር ሲሰለፍ የላየንሱን ጨምሮ 149ኛ ዓለም አቀፍ ጨዋታው ሆነ፤ የኒውዚላንዱን የሪቺ ማኮውን የ148 ክብረ ወሰንም አለፈ። በኮቪድ ምክንያት ስታዲየሙ ባዶ ነበር፤ ዌልስም 14 ለ 10 ተሸነፈች። ለዌልስ ብቻ 150ኛ የሆነው ጨዋታ በማርች 2022 ሲመጣ ደግሞ ጣሊያን ካርዲፍ ላይ 22 ለ 21 አሸነፈች። እንዲህ ያለ ቀን ሌላው ሰው በድል ቢያከብረው ይመኛል። የእሱ ትላልቅ ቀኖች ግን ሁለት ጊዜ ከሽንፈት ጋር ተገጣጠሙ።

አባባሉን በጣም የሚያስታውሰኝ ግን የ2021 ክረምት ነው። የላየንስ አምበል ሆኖ ወደ ደቡብ አፍሪካ ሊሄዱ ሲሉ፣ በጁን 26 ኤድንብራ ላይ ከጃፓን ጋር በተደረገው የመሰናበቻ ግጥሚያ፣ ጨዋታው ከተጀመረ ብዙም ሳይቆይ ትከሻው ወለቀ። ሎክ በትከሻው ነው የሚኖረው። ቡድኑ ያለ እሱ በረረ፤ አምበልነቱም ለአየርላንዱ ተጫዋች ለኮነር መሬይ ተሰጠ። ዕድሜው 35 ነበር፤ ጉዞው አበቃ ያለው ብዙ ነው። በጁላይ 17 ኬፕታውን ላይ ግን ተቀይሮ ገብቶ ይገፋ ነበር። ሦስት ሳምንት መሆኑ ነው። ከዚያ ሦስቱንም ዋና ግጥሚያዎች በአምበልነት ጀመረ፤ የመጀመሪያውን 22 ለ 17 አሸንፈው ቀሪዎቹን ሁለቱን ተሸነፉ። በውጤት ብቻ የሚለካ ሰው ይህን የከሸፈ ጉዞ ይለዋል። እኔ በዚህ አልስማማም። ቤንዲጌይድቭራንም በተሻገረበት ጦርነት ሠራዊቱ አልቋል፤ አባባሉ ግን የመጣው ሰዎቹ በጀርባው ካለፉበት ሰዓት ነው።

ጆንስ በሜይ 2023 ከብሔራዊ ቡድኑ ተሰናበተ። ለዌልስ 158 ጊዜ፣ ለላየንስ 12 ጊዜ፣ በድምሩ 170 ጊዜ ተሰልፏል፤ የወንዶች ራግቢ የዓለም ክብረ ወሰን ነው።

አባባሉን በአማርኛ መጠቀም ለሚፈልግ አንድ ነገር ልበል። ገና ለተሾመ ሰው እንደ ሙገሳ አይመረቅበትም፤ ዌልሶቹ ሲሉት ትእዛዝነት አለው፣ «ይሁን» ነው የሚለው። የሚስማማው ኃላፊው «ማን ይሻገር?» እያለ ዳር ቆሞ ሌላውን ወደ ወንዝ ሲገፋ ነው፤ ወይም ደግሞ በሕይወት ሳለ ያልተመሰገነ የድካም ሰው ሲታወስ። ከራስ ወዲያ ለሌላ ቢነገር ጉልበት የሚያገኘው የሚናገረው ሰው መጀመሪያ ራሱ ከተጋደመ ነው። ጆንስም ከዌልስ ከተሰናበተ በኋላ በአጭር ጊዜ ውል ወደ ፈረንሳዩ ቱሎን ክለብ ሲሄድ ያለ አምበልነት፣ እንደ ማንኛውም ሎክ ነበር የሄደው፤ ስክረም ሲጠራም ጭንቅላቱን እዚያው፣ በፊተኞቹ ዳሌዎች መካከል አስገባ።