አንኮራይት ምንድን ነው? በሰው ምጽዋት ስለቆመ ብሕትውና

በመካከለኛው ዘመን እንግሊዝ የነበሩት አንኮራይቶች በተነሡ ቁጥር «ቤተ ክርስቲያን ከነሕይወታቸው በግንብ ያሳሸገቻቸው ምስኪን ሴቶች» የሚለው አባባል ተከትሎ ይመጣል። ሰሞኑን አንድ ተንታኝ ይህንኑ ደግሞ ሲናገር ከሰማሁ በኋላ፣ ዝም ማለቱ ስሕተቱን ማጽደቅ መስሎ ስለታየኝ ይህን ጽፌያለሁ። ሌሎች ደግሞ ቃሉን ከቤቱ መውጣት ለማይወድና ከሰው ለሚሸሽ ሰው ሁሉ ያውሉታል። ሁለቱም አነጋገሮች አንኮራይት ከኅብረተሰቡ የተቆረጠ ሰው ነው በሚል ግምት ላይ የቆሙ ናቸው፤ ችግሩም ያለው በዚህ ግምት ላይ ነው። (ከዚህ በታች ያሉት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።)

አንኮራይት ማለት በኤጲስ ቆጶስ ፈቃድ፣ አብዛኛውን ጊዜ ከአጥቢያ ቤተ ክርስቲያን ግድግዳ ጋር ተያይዛ በተሠራች በዓት ውስጥ፣ እስከ ዕለተ ሞቱ ላይወጣ የሚገባ ክርስቲያን ነው። ከ1100 እስከ 1539 ባለው ጊዜ በእንግሊዝ ከ700 በላይ አንኮራይቶች በስም ወይም በቦታ ተለይተው ታውቀዋል፤ ከወንዶቹም ሴቶቹ ይበዛሉ። ይህ ቁጥር በጽሑፍ የተረፈልንን ብቻ የሚያሳይ ስለሆነ እንደ ሕዝብ ቆጠራ ሊወሰድ አይገባም። በ1170 ገደማ ያረፈው የፊንክል ጎድሪክ ግን ኸርሚት እንጂ አንኮራይት አይደለም፤ ኸርሚት በጫካ ወይም በወንዝ ዳር ይኖራል፣ ቦታ ይለውጣል፣ ድልድይና መንገድ እየጠገነ ከመንገደኛ ምጽዋት ይቀበላል። እኛ ባሕታዊ ስንል በዓይነ ልቡናችን የሚመጣው ሰው ለኸርሚት ይቀርባል። አንኮራይቷ ግን ወደ በረሃ አልሄደችም፤ ከገበያውና ከደወሉ መካከል፣ ሰው ከማይጠፋበት የቤተ ክርስቲያን ቅጥር ገባች።

«ከነሕይወቷ ተቀበረች» የሚለው ከየት እንደመጣ ግልጽ ነው። በመዝጊያው ሥርዓት ላይ የሙታን ጸሎት ይደረስ ነበር፤ በአንዳንድ ሀገረ ስብከትም ለሕመምተኛ የሚሰጠው የቀንዲል ቅባት ይሰጥ፣ መቃብር ተቆፍሮ አፈር ይበተን፣ በመጨረሻም በሩ ይዘጋ ነበር። ተንታኛችን እዚህ ላይ ንባቡን ያቆማል። ከሥርዓቱ በፊት የነበረውን ቢያነብ ኖሮ ግን ጠያቂዋ ራሷ እንደነበረች፣ ኤጲስ ቆጶሱም ፈቃድ ከመስጠቱ በፊት ሁለት ነገሮችን እንዲያስመረምር ይጠበቅ እንደነበር ባገኘ ነበር፤ አንደኛው ጠባይዋ ነው፣ ሁለተኛው ደግሞ ማን ያበላታል የሚለው ነው። ቀለብ ያልተረጋገጠላት አንኮራይት በመጨረሻ በኤጲስ ቆጶሱ ላይ ዕዳ ትሆናለችና ይህ ጥያቄ ቀላል አልነበረም።

እኔ እንደማስበው የነገሩ ቁልፍ ይህ የቀለብ ጥያቄ ነው። የሰፈር ዘብን አስቡ። ነዋሪው አዋጥቶ አንድ ሰው ያቆማል፤ የዚያ ሰው ሥራ ሌላው ሲተኛ ነቅቶ ማደር ነው። ጎጆው ጠባብ ነው፣ ብቻውንም ይቀመጥበታል፤ ነገር ግን እርሱን የማያውቅ የሰፈር ሰው የለም፣ እርሱም የማያውቀው የለም። አንኮራይቷም በሌላው ፈንታ ትነቃ ነበር፤ የእርሷ ንቃት ጸሎት ነው፣ መዋጮውም ምጽዋት ነው። ለዘቡ ምሳ የምትልክለት ጎረቤት እንዳለች ሁሉ ለእርሷም እንጀራዋን በመስኮት የሚያቀብሉ ሠራተኞች ነበሯት። ለዘቡ ቁልፍና ዕቃ አደራ እንደሚሰጠው፣ የሰፈሩም ወሬ በጎጆው ደጃፍ እንደሚሰበሰብ ሁሉ፣ በእርሷም መስኮት ይኸው ይደርስ ነበር።

ይህ የመጨረሻው የእኔ ግምት አይደለም። በ13ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ ለሦስት እኅትማማቾች በእንግሊዝኛ የተጻፈው «አንክረኔ ዊሴ» የተባለው መመሪያ አንኮራይቷን የሰው ዕቃ በአደራ እንዳታስቀምጥ፣ ልብስም ሆነ የውል ወረቀት ወይም የቤተ ክርስቲያን ጽዋ እንዳትቀበል ይከለክላታል። ቤቷን ትምህርት ቤት እንዳታደርግም ያዝዛል። ከድመት በቀር እንስሳ አታርባ ይላል፤ ላም የያዘች አንኮራይት ስለ መኖዋ ማሰብና ከብት ጠባቂውን መለማመጥ ይመጣባታልና። የመነጋገሪያው መስኮት ነጭ መስቀል ያለበት ጥቁር መጋረጃ እንዲኖረው ያዝዛል። ከዚያ በፊት፣ በ1160ዎቹ መጀመሪያ አካባቢ፣ የሪቮው አበምኔት ኤልሬድ ለተዘጋች እኅቱ ሲጽፍ በመስኮት ሥር ተቀምጣ የመንደሩን ወሬ የምታወራ አሮጊት የሌላት በዓት እንደማትገኝ አማርሯል። እርግጥ ክልከላ መኖሩ ድርጊቱ በየቦታው እንደነበር አያረጋግጥም፤ ይሁን እንጂ ማንም ሊያደርገው የማያስበውን ነገር ለመከልከል ያን ያህል ቀለም የሚያፈስ ሰው የለም።

ስለ ምጽዋትም መመሪያው የሚለው ብዙዎችን ያስገርማል። አንኮራይቷ ከቀለቧ የተረፋትን በስውር ለድሃ ትስጥ ይላል፤ ለመስጠት ብላ ግን እንዳትሰበስብ ያስጠነቅቃል። በዓቷ የእርዳታ ማከፋፈያ እንድትሆን ሰው ይፈልግ ስለነበር ነው ይህ መባሉ። ቃሏ የሚሰማላት ሴት ደግሞ ሳትወጣም ብዙ ታደርግ ነበር፤ በ1221 በካንተርበሪ አጠገብ በሃኪንግተን የተዘጋችው የሌስተር ባላባት ሎሬታ፣ በ1224 እንግሊዝ የደረሱት ባዶ እጃቸውን የነበሩ ፍራንሲስካውያን መነኮሳት እንዲቋቋሙ ከበዓቷ ሆና ረድታለች።

በኖሪጅ ከተማ የተዘጋችውን አንኮራይት ጁሊያንን እንውሰድ፤ ስለ እርሷ የሚጻፈው አብዛኛው በ1373 ስላየቻቸው ራእዮች ነው፤ እኔን ይበልጥ የሚስቡኝ ግን ኑዛዜዎቹ ናቸው። በ1404 ቶማስ ኤመንድ የተባለ ቄስ ለጁሊያን 12 ፔኒ፣ አብራት ለምትኖረው ለሳራ 8 ፔኒ ተናዘዘ። በ1415 ጆን ፕላምፕተን ለእርሷ 40 ፔኒ፣ ለሠራተኛዋ 12 ፔኒ፣ ለቀድሞ ሠራተኛዋ ለአሊስ ደግሞ ሌላ 12 ፔኒ ተወ። በ1416 የሳፎክ ባላባት ኢዛቤል አፈርድ 20 ሽልንግ ጨመረች። ተናዛዡ ሥራ የለቀቀችውን ሠራተኛ እንኳ በስሟ የሚያውቅባት በዓት እንዴት ያለ መቃብር ናት? (ኑዛዜ የሚጽፈው ንብረት ያለው ሰው ነውና፣ እንቁላልና ጎመን ያቀበሉት ድሆች በዚህ መዝገብ እንደማይታዩ መዘንጋት የለበትም።)

በዚያችው ከተማ በ1249 ኤጲስ ቆጶስ ዋልተር ሳፊልድ ያቋቋመው የቅዱስ ጊልስ ሆስፒታልም የሚሠራው በዚሁ ስሌት ነበር። ሆስፒታል ሲባል ሐኪምና መድኃኒት ቤት ይታየናል፤ በዚያ ዘመን ግን ለሕመምተኛ አልጋ፣ ለአረጋውያን ቄሶች መጠለያ፣ በየቀኑም ለ13 ድሆች ምግብ የሚሰጥበት የጸሎት ቤት ነበር። የተረዳው ሰው ለመሥራቹ ነፍስ ይጸልያል። ስለዚህ አንኮራይቷ «ምንም ሳትሠራ የምትበላ» ነበረች የሚለው፣ አንዳንዶች የሚያነሡት ሌላ ክስ፣ ለዘመኑ ሰው ትርጉም አይሰጠውም ነበር፤ ሰጪው የሚጠብቀውን በትክክል ያውቅ ነበርና።

የዘቡ ምሳሌ የሚሰበርበት ቦታ አለ፤ ዘብ ደመወዙ ቢቀርበት ጥሎ ይሄዳል፤ አንኮራይቷ ግን ላትወጣ ተስላ ገብታለች። ተንታኛችን የሚመዝዛት የሸር መንደሯ አንኮራይት ክርስቲና ካርፔንተር የምትመጣውም እዚህ ላይ ነው። በ1329 በራሷ ጥያቄ ተዘጋች፤ ከጥቂት ጊዜ በኋላ ወጣች፤ በ1332 ወደ በዓቷ እንድትመለስ ታዘዘ። ይህ የእስር ማስረጃ ተደርጎ ይቀርባል። መዝገቡ የሚለው ግን እንድትመለስ ይፈቀድላት ዘንድ አቤቱታውን ያቀረበችው ራሷ መሆኗን ነው። ይህም ማለት ነፃ ምርጫ ነበራት ማለት አይደለም፤ ስእለት ያፈረሰ ሰው ከቤተ ክርስቲያን ውግዘት ይጠብቀዋል፣ የተወገዘ ሰው ደግሞ በሸር መንደር እንዴት ይኖራል? ያስገደዳት ነገር ካለ ግንቡ አይደለም፤ በሩ ተከፍቶ ወጥታለችና።